«መብቴ ተጠብቆ መዝገቡ ይዘጋልኝ»

አቃቂ ምድብ ችሎት የቆመ የቃሊቲ ባለጉዳይ ክሱ ጉድለት እንዳለበት ሲገባው፣ ለምሳሌ ድርጅቱን መክሰስ ሲገባው ሥራ አስኪያጁን ብቻ ከስሶ ከሆነ፣ አንድ ነገር መርሳት የለበትም፦ «እንደገና የመክሰስ መብቴ ተጠብቆ መዝገቡ ይዘጋልኝ» ማለትን። የ1958ቱ የፍትሐ ብሔር ሥነ ሥርዓት ሕግ ቁጥር 278 ይህን ይፈቅዳል። ፈቃዱን የሚሰጠው ግን ፍርድ ቤቱ ነው፤ በቂ ምክንያት ይፈልጋል። ሳያስፈቅድ «ትቼዋለሁ» ብሎ የወጣ ሰው ኪሳራ ይከፍላል፣ በዚያው ጉዳይ ዳግም መክሰስም አይችልም። ጠበቃ መያዝ ያቃተው የፋብሪካ ሠራተኛ በአንዲት ቃል መብቱን ጥሎ ሊሄድ ይችላል ማለት ነው።

ሕጉ ክፉ ሆኖ አይደለም። ተከሳሽም በአንድ ጉዳይ ዕድሜ ልኩን መመላለስ የለበትም።

ይኸው ተከሳሽን የማሰብ ነገር ግን ከሳሹ መንግሥት ሲሆን የት ይገባል?

እዚያው ክፍለ ከተማ ውስጥ የቃሊቲ እስር ቤት አለ። ሚያዝያ 2006 የታሰሩት የዞን 9 ጦማሪያንና ጋዜጠኞች ጉዳይ ብዙዎች የሚያስታውሱት ነው። ከዓመት በላይ ታስረው በሽብር ክስ ከተመላለሱ በኋላ፣ የኦባማ ጉብኝት ጥቂት ሳምንታት ሲቀሩት፣ ሐምሌ 2007 ላይ የአምስቱ ክስ ተነሳና ተፈቱ። ማህሌት ፋንታሁን፣ ኤዶም ካሳዬና ዘላለም ክብረት ከእነሱ መካከል ነበሩ። በአንድ መዝገብ የተከሰሱት ሌሎቹ ቀርተው ጥቅምት 2008 ከሽብር ክሱ ነፃ ተባሉ። በዚያው ኅዳር ዘላለም ሽልማት ሊቀበል ሲሄድ ቦሌ ላይ ፓስፖርቱን ተቀማ።

ልዩነቱን ልብ ይሏል። ቀድመው የወጡት ነፃ ናችሁ የሚል ፍርድ የላቸውም። የሕገ መንግሥቱ አንቀጽ 23 ዳግም ከመከሰስ የሚጠብቀው በመጨረሻ ፍርድ ጥፋተኛ ወይም ነፃ የተባለውን ሰው ነው፤ ክሱ የተነሳለትን አይጠቅስም። ዐቃቤ ሕግ «መብቴ ተጠብቆ» ማለት አያስፈልገውም፤ ሳይጠይቅም ተጠብቆለታል።

ታህሳስ 29 ቀን 2014፣ በገና ዕለት፣ የእነ እስክንድር ነጋና የእነ ጃዋር መሐመድ ክስ ሲነሳም ነገሩ ያው ነበር። ለአገራዊ ምክክር ሲባል ነው ተባለ። ማስረጃው ደካማ ነበር ወይስ ጠንካራ? ችሎት አልመዘነውም። ደጋፊም ተቃዋሚም የየራሱን መልስ ይዞ ቀረ።

የታሰረ ሰው ቤቱ ሲገባ ደስ የማይለው የለም፤ ክስ ማንሳትም ይቅር የሚባል ሥልጣን አይደለም። ግን ድሃው ባለጉዳይ ምክንያቱን ለዳኛ እንደሚያስረዳ ሁሉ ዐቃቤ ሕግም በጽሑፍ ያስረዳ። ተከሳሹም «አይነሳ፣ ፍርዱን ልስማ» የማለት መብት ይኑረው። የተነሳ ክስ በተወሰነ ጊዜ ውስጥ ካልተንቀሳቀሰ እንደ ነፃ ፍርድ ይቆጠር፤ ለዚህ የወንጀል ሥነ ሥርዓት ሕጉን ማሻሻል የምክር ቤቱ ሥራ ነው።