ሕይወት ያላት ኅብረ ኮከብ ውሸት ናት እንዴ?

ዛሬ በአስተያየት ዓምዳችን ይዤላችሁ የቀረብኩት ስለ ኮከብ ነው። ስለ ኳስ ኮከብ ወይም ስለ ፊልም ኮከብ አይደለም፤ ስለ ሰማዩ ኮከብ ነው።

ባለፈው ወር አንዲት የ6ኛ ክፍል ተማሪ ለመጽሔታችን የፈጠራ ጽሑፍ አምጥታ ነበር። ታሪኩ የሚፈጸመው በሌላ ሕዋ ውስጥ ነው። እዚያ ከዋክብት ነፍስ አላቸው። ከመካከላቸው ጀበና የምትባል ኅብረ ኮከብ አለች። ኅብረ ኮከብ ማለት ከምድር ሆነን ስናያቸው አንድ ላይ ሥዕል የሠሩ የሚመስሉ ከዋክብት ማለት ነው። ይህቺ ጀበና ግን ሥዕል ብቻ አይደለችም። ትተነፍሳለች፣ ታስባለች፣ ስትናደድም ትናደዳለች። ሌሊት ሌሊት ብርሃን ትቀዳለች። መጀመሪያ አቦል፣ ቀጥሎ ቶና፤ በረካው ሲቀዳ ይነጋል። አንድ ቀን አንዱ ኮከቧ ታመመና ሳትቀዳ ቀረች። የዚያ ዓለም ልጆች ጀበናን ለማዳን ምን እንዳደረጉ ነው ታሪኩ የሚናገረው።

ጽሑፉ አልወጣም። በስብሰባ ላይ “ኮከብ ነፍስ የለውም፣ ይሄ ውሸት ነው፣ ትናንሽ ልጆችን ያሳስታል” ተባለ። ልጅቷም ከዚያ በኋላ ክበቡን ተወች። እኔ በዚህ ውሳኔ አልስማማም። ምክንያቶቼን አንድ በአንድ ላስረዳ።

አንደኛ፣ ውሸትና ፈጠራ አንድ አይደሉም። ውሸት ማለት ሰው እንዲያምንህ ፈልገህ ያልሆነውን ነገር ሆነ ስትል ነው። ፈጠራ ግን ገና ሲጀመር ፈጠራ መሆኑን ሁሉም ያውቃል። አያቶቻችን “ተረት ተረት” ሲሉ እኛ “የላም በረት” እንላለን። ከዚያ በኋላ ጅብና ጦጣ ሲነጋገሩ “ጅብ እኮ አያወራም” ብሎ የሚቆጣ የለም። ጅብ ካወራ ኮከብን ማን ከለከለው?

ሁለተኛ፣ በሳይንስ የታወቁት ኅብረ ኮከቦችም ሥዕላቸው የመጣው ከሰው ምናብ ነው። ዛሬ ዓለም አቀፉ የሥነ ፈለክ ኅብረት የተቀበላቸው ኅብረ ኮከቦች 88 ናቸው። ለምሳሌ ኦሪዮንን እንውሰድ። በታኅሣሥና በጥር ማታ ማታ ቁልጭ ብሎ ይታያል፤ ሦስት የተሰለፉ ከዋክብት ቀበቶው ናቸው። ግሪኮች አዳኝ ነው ብለውታል። እዚያ ግን አዳኝ የለም። ትከሻው ላይ ያለው ቀዩ ቤቴልጂዩስና እግሩ ላይ ያለው ራይጀል ጎረቤታሞች እንኳን አይደሉም። ራይጀል ከቤቴልጂዩስ በጣም አልፎ ወደ ኋላ ርቆ ነው ያለው። አንድ ሰው የመሰሉን እኛ ከዚህ ሆነን ስለምናያቸው ነው።

ደግሞም የኛ ስም እዚያ ሰማይ ላይ አለ። በግሪኮች ተረት ሴፊየስ የኢትዮጵያ ንጉሥ፣ ካሲዮፒያ ንግሥት፣ አንድሮሜዳ ልጃቸው ናት። ያን ጊዜ ግሪኮች ኢትዮጵያ የሚሉት ከግብፅ በታች ያለውን አገር ነበር። ሦስቱም ዛሬ ከ88ቱ ውስጥ ናቸው። በ2012 ዓ.ም. ደግሞ እያንዳንዱ አገር ለአንድ ኮከብና ለፕላኔቱ ስም እንዲያወጣ ዕድል ሲሰጠው፣ ኢትዮጵያ ኮከቡን “ቡና”፣ ፕላኔቱን “አቦል” አለችው። ይህ ኮከብ የት ያለ ይመስላችኋል? እዚያው አንድሮሜዳ ውስጥ! ደብዛዛ ስለሆነ ያለ መሣሪያ አይታይም እንጂ አለ። ታዲያ አቦል ፕላኔት ከሆነ ጀበና ኅብረ ኮከብ ብትሆን ምን ይገርማል?

ሦስተኛ፣ ምናብ ጥያቄ ያመጣል። እኔ የጀበናን ታሪክ ከሰማሁ በኋላ አንድ ነገር አሰብኩ። ኦሪዮን ሕይወት ቢኖረውና እግሩን እሾህ ቢወጋው ትከሻው መቼ ይሰማል? ከብርሃን የሚፈጥን ነገር የለም። ብርሃን በአንድ ሰከንድ 300,000 ኪሎ ሜትር ያህል ይሄዳል፤ ከፀሐይ እኛ ጋ የሚደርሰው በ8 ደቂቃ ገደማ ነው። ከራይጀል እስከ ቤቴልጂዩስ ግን ከ200 ዓመት በላይ ይፈጅበታል። የወጋ ቢረሳ የተወጋ አይረሳ ይባላል፤ ኦሪዮን ግን መወጋቱን ራሱ ገና አልሰማም! የብርሃን ዓመት የሚባለው ነገር በደንብ የገባኝ ያኔ ነው። ለፈተና ሸምድጄው ቢሆን ኖሮ እስካሁን ጠፍቶብኝ ነበር።

“ትናንሽ ልጆችን ያሳስታል” የሚለው ሐሳብ ግን ከንቱ ነው አልልም። ኮከብህ እንዲህ ነው፣ ዕድልህ እንዲህ ነው እያሉ ገንዘብ የሚቀበሉ ሰዎች አሉ። ፈጠራና እውነት የተቀላቀለበት ልጅ ይታለላል። መፍትሔው ግን ፈጠራን መከልከል አይደለም፤ ለይቶ ማሳየት ነው። ስለዚህ ለክበባችን የማቀርበው ሐሳብ ይህ ነው።

1. በየእትሙ “የምናብ ሰማይ” የሚባል አንድ ገጽ ይኑር። ከላይ በትልቁ “ይህ ፈጠራ ነው” ተብሎ ይጻፍ።

2. ከታሪኩ ሥር ጸሐፊው ስለ ሰማይ ሁለት እውነተኛ ነገሮች ይጻፍ። የሳይንስ መምህራችን ይዩለት።

3. የመጀመሪያው ገጽ የጀበና ይሁን። ከክበቡ ሁለት ሰው ሄዶ ልጅቷን ይጠይቃት፤ እኔ አንዱ ለመሆን ፈቃደኛ ነኝ።

እናንተስ ምን ትላላችሁ? የምትስማሙም የማትስማሙም ሐሳባችሁን ጽፋችሁ እስከ ዓርብ ድረስ በክበባችን የአስተያየት ሳጥን ውስጥ ክተቱ። በሚቀጥለው ስብሰባ ድምፅ እንዲሰጥበት እጠይቃለሁ።



ከ7ኛ ክፍል፣ የሚኒ ሚዲያ ክበብ አባል