«ዓረብኛ ከባድ ነው» ማለት እስከ መቼ?

ከመላዝ፣ ሪያድ



እዚህ ሪያድ አንድ አዲስ ተማሪ ከአገር ቤት በመጣ ቁጥር በመጀመሪያው ሳምንት ከእኛ ከነባሮቹ የሚሰማው ምክር አንድ ዓይነት ነው። «ዓረብኛ ከባድ ነው፤ ብዙ አትድከም፤ ፈተና የሚያሳልፍህን ያህል ያዝና ተወው» ይባላል። ይህን ምክር እኛም ተቀብለን ኖረንበታል፤ ለሌላውም አስተላልፈነዋል። ዛሬ ግን ምክሩ ስሕተት መሆኑን፣ ከስሕተትም አልፎ ወገንን የሚጎዳ መሆኑን ለመናገር ተገድደናል። ጥፋቱ የእኛም ስለሆነ የምንጀምረው ከራሳችን ነው።

ቋንቋው ቀላል ነው ብለን ለመከራከር አልተነሣንም። የአሜሪካ የውጭ ጉዳይ ሚኒስቴር ዲፕሎማቶቹን የሚያሠለጥንበት ተቋም ዓረብኛን ከቻይንኛ፣ ከጃፓንኛና ከኮሪያኛ ጋር በመጨረሻው የክብደት እርከን መድቦ 88 ሳምንት፣ ማለትም ወደ 2,200 የክፍል ሰዓት ይሰጠዋል። የእኛው አማርኛ ከሊቱዌኒያ ቋንቋ ጋር ዝቅ ባለው እርከን ተቀምጦ የተሰጠው 44 ሳምንት ነው። (በ44 ሳምንት አማርኛን አቀላጥፎ ቅኔ ሲዘረፍ የሚገባው ፈረንጅ ካለ ብናየው ደስ ይለናል።) ከመካከላችን አንዳንዶች ይህን ሠንጠረዥ እንደ ሐኪም ማስረጃ ይዘውት ይዞራሉ። ለመሆኑ ሠንጠረዡ የተለካው በማን ነው? እንግሊዝኛ አፍ በፈታ ሰው አይደለምን? የእንግሊዙን ድካም እኛ የምንዋሰው በምን ዕዳችን ነው?

እኛ ወደዚህ ቋንቋ የምንገባው ባዶ እጃችንን አይደለም። አማርኛና ግዕዝ ከዓረብኛ ጋር የአንድ ቤተሰብ ልጆች ናቸው። እኛ ቤት ስንል እነሱ በይት ይላሉ፤ ስም ስንል ኢስም፤ ሞት ስንል መውት፤ ዓይንና ደም ሳይለወጡ እዚያም ዓይንና ደም ናቸው። በግዕዝ ወንዱ አንተ፣ ሴቷ አንቲ እንደሆኑ ሁሉ በዓረብኛም ቃል በቃል አንተና አንቲ ናቸው። ፈረንጁን የሚያስለቅሰው የብዙ ቁጥር አሠራር፣ ማለትም የቃሉ ሆድ ዕቃ ተገለባብጦ ብዙ የሚሆንበት ነገር፣ ንጉሥ ብሎ ነገሥት፣ ሀገር ብሎ አህጉር፣ መጽሐፍ ብሎ መጻሕፍት ለሚል ሰው ምን ይደንቀዋል? ሱቅ፣ ሳሙና፣ ስኳር፣ መቀስ እያልን በየቀኑ የምንናገረውም ከቀይ ባሕር ማዶ የመጣ ነው። በተቃራኒውም ከእኛ ወደ እነሱ የሄደ አለ። ኖልደኬ የተባለው ጀርመናዊ ሊቅ በ1910 ባሳተመው ጥናት ሙስሐፍን፣ ሚንበርንና ሐዋሪዩንን ከግዕዝ ወደ ዓረብኛ ከገቡት ቃላት መካከል ቆጥሯቸዋል። በአገራችንም ቢሆን ዓረብኛ ትናንት የመጣ እንግዳ አይደለም፤ የወሎ ሊቃውንት የአማርኛ መንዙማቸውን በዓረብ ፊደል ሲጽፉ ኖረዋል።

ይሁን እንጂ ዝምድና ያታልላልም። የእኛ ፊደል ሀን፣ ሐንና ኀን ለይቶ ይጽፋል፤ የአማርኛ ተናጋሪ ጉሮሮ ግን ሦስቱን አንድ አድርጎ ከቀበራቸው ዘመን የለውም። ዓረቡ ሦስቱንም ዛሬም ይለያል። አሌፍንና ዐይንንም እንደዚሁ። እዚህ ላይ የትግርኛ ተናጋሪ ወንድሞቻችንና እህቶቻችን ሐንና ዐን ከእናታቸው ጋር ስለጠጡ በመጀመሪያው ቀን ይቀድሙናል፤ እኛ ደግሞ በየኔታ ዘመን «ሐመሩ ሐ» ብለን ያለፍነውን ፊደል በሃያ ዓመታችን ከጉሮሯችን ልናወጣው እንታገላለን። ከዚያ የማይጻፈው አናባቢ አለ። የእኛም ጽሕፈት አንድ ጊዜ እንዲሁ ተነባቢውን ብቻ ይጽፍ ነበር፤ በንጉሥ ዒዛና ዘመን፣ በ4ኛው መቶ ዓመት፣ አናባቢውን ከፊደሉ ጋር አሰረውና ተገላገልን። ዓረቡ ግን ሦስት ፊደል ጽፎ «የቀረውን አንተ ታውቀዋለህ» ይልሃል። ሰዋስዉን ሳያውቁ ማንበብ የለም፤ ሳያነቡም ሰዋስዉ አይያዝም። የቃል መምሰልም ወጥመድ አለው፤ ከመካከላችን አንዱ በምግብ ዝርዝር ላይ ለሕም የሚለውን አይቶ የግዕዙን ላህም አስታወሰና በሬ የቀረበለት መሰለው፤ ለሕም በዓረብኛ ማንኛውም ሥጋ ነው፤ የቀረበለትም ግመል ነበር።

ይህ ሁሉ ግን በትጋት የሚገፋ ነው። ዋናው ችግር ሌላ ነው፤ ይኸውም ዓረብኛ የሚባለው አንድ ቋንቋ ሳይሆን ሁለት መሆኑ ነው። በክፍል የሚሰጠው የመጽሐፍና የዜና ቋንቋ ነው፤ ይህን ቋንቋ ከእናቱ የተማረ ዓረብ የለም። ከክፍል ውጭ ያለው ሌላ ነው። በክፍል «ምን» ማዛ ነው፤ በሪያድ መንገድ ዊሽ ነው። በክፍል «እፈልጋለሁ» ኡሪድ ነው፤ በመንገድ አብጋ። «አሁን» በክፍል አልአን፣ በመንገድ አልሒን። በመጽሐፍ በቀ የተጻፈው በነጅድ ሰው አፍ ገ ይሆንና ቀህዋ ገህዋ፣ ቀልብም ገልብ ይባላል። በአሮጌው የነጅድ አነጋገርማ ከም በአንዳንድ ቃላት ላይ እንደ ጽ ዓይነት ድምፅ ይሆናል።

መላዝን የማታውቁ አትጡ፤ በ1950ዎቹ መሥሪያ ቤቶች ወደ ሪያድ ሲዛወሩ ለመንግሥት ሠራተኞች የተሠራ ሰፈር ነው። በ1957 የተቋቋመው የንጉሥ ሳዑድ ዩኒቨርሲቲም ወደ ዲርዒያ ከመዛወሩ በፊት ኮሌጆቹ እዚህ ነበሩ። ዛሬ በየጠባብ ጎዳናው የመናዊው፣ ሱዳናዊው፣ ግብፃዊው፣ ሕንዳዊው ይኖርበታል፤ ቋንቋውም እንደ ነዋሪው ነው። እኛም የተከራየነው እዚሁ ነው።

ከእኛ አንዱ ሁለት ሴሚስተር ሰዋስው ተምሮ፣ በጥሩ ነጥብም አልፎ፣ አንድ ቀን በመላዝ ከሚገኝ ትንሽ በቃላ ዳቦ ሊገዛ ገባ። «ኡሪዱ ኹብዘን ሚን ፈድሊከ» አለ፤ ከነሙሉ ዘርፉ፣ አንድም ስሕተት የለበትም። ባለ ሱቁ የመናዊ ከት ብሎ ሳቀና «ያ ኡስታዝ!» ብሎ እጁን ደረቱ ላይ አደረገ፤ የቴሌቪዥን ዜና የሰማ ነበር የመሰለው። ከዚያ «ሳሙሊ ወላ መፍሩድ?» ሲል ጠየቀ። የእኛ ሰው ዝም አለ። በመማሪያ መጽሐፉ ውስጥ ያለው ዳቦ ዓይነት የለውምና! በዚህ መካከል ከኋላው ተራ ትጠብቅ የነበረች እህታችን፣ የወሎ ልጅ፣ በአቅራቢያው ካለ ቤት ተልካ የመጣች፣ ገባችበት። «ሳሙሊ፣ ኸምሳ፣ ሑጢ ፊ ኪስ» አለች። አለቀ። ዳቦው አምስት ሆኖ ከረጢት ውስጥ ገባ።

ሰዋስው የሚያውቅ ሰው እዚህ ላይ ፈገግ ይላል። «ሑጢ» ለሴት የሚሰጥ ትእዛዝ ነው፤ ባለ ሱቁ ግን ጢማም ወንድ ነው። እህታችን ግን ከየት ትማረው? ዓረብኛዋን የሠራችው በቀን መቶ ጊዜ «ሑጢ»፣ «ጂቢ»፣ «ሩሒ» እየተባለች ነው፤ አንቺ በምትባልበት ቃል ዓለምን ሁሉ አንቺ ትላለች። ና እና ነይን ለይቶ የሚያድግ ሰው ይህን ቢነገረው በአንድ ደቂቃ ያርመዋል። የነገራት ግን አልነበረም።

ከሱቁ ሲወጡ ይህች እህት ከቦርሳዋ የታጠፈ ወረቀት አወጣችና «ወንድሜ፣ ተማሪ ነህ መሰለኝ፤ እስቲ ይቺን እይልኝ» አለች። ለሁለት ወር ዕረፍት ወሎ ደርሳ ልትመለስ ነው፤ ወረቀቱም የዕረፍት ፈቃዷ ነው ተብላለች። የአምስት ወር ደመወዟን ስትመለስ እንደምትቀበል ተነግሯታል፤ ልብሷንም ግማሹን ትታ ልትሄድ ነው። እሱ ወረቀቱን ይዞ እዚያው መንገድ ዳር ቆመ። «ኹሩጅ» ይላል፤ ይህን ከክፍል በር ላይ ከተጻፈው መኽረጅ፣ ከመውጫው፣ አወቀው። ቀጥሎ «ኒሃኢ» ይላል፤ የመጨረሻ ማለት ነው። ሰው ለዕረፍት ወጥቶ የሚመለስ ከሆነ ግን ወረቀቱ «ኹሩጅ ወ ዓውዳ» ማለት ነበረበት። ዓውዳን ፈለገ፤ ላይ ታች አለ፤ የለም። ያን ቃል ደግሞ ሊስተው አይችልም ነበር፤ ምክንያቱም በመጀመሪያ ሲያጠናው ከዐውደ ዓመት ጋር አያይዞ ነው በቃሉ የያዘው፤ ዞሮ የሚመጣ፣ የሚመለስ። የእሷ ወረቀት መመለስ የለበትም።

የተከተለው ረጅም ነው፤ እዚህ አንዘረዝረውም። በመጨረሻ ከደመወዟ ከፊሉን ተቀብላ፣ ልብሷን ሁሉ ይዛ ሄደች፤ የቀረው ቀረ። እኛን እንቅልፍ የነሣን ግን ሌላ ነው። ይህች ሴት በዚያ ቤት ከሦስት ዓመት በላይ ኖራለች። በዚያው ሰፈር ዓረብኛ ማንበብ የምንችል ተማሪዎች በየቀኑ በአጠገቧ አልፈናል። እሷ መናገር ትችላለች፣ ማንበብ አትችልም፤ እኛ ማንበብ እንችላለን፣ ዳቦ መግዛት አንችልም። አንዱ ቋንቋ ለሁለት ተከፍሎ ግማሹ በእሷ፣ ግማሹ በእኛ እጅ ይገኛል፤ እኛም እሷም «ዓረብኛ ከባድ ነው» እንላለን።

ለምንስ አልተገናኘንም? እውነቱን እንናገር። ከመካከላችን የቤት ሠራተኛ እህቶቹን በመንገድ ሲያይ አማርኛውን የሚውጥ አለ። ባለ ሱቁ ከእነሱ ጋር አንድ እንዳያደርገው ይፈራል። «እኛ ተማሪዎች ነን» ይላል፤ የተማረውን ግን ለማን ሊያነበው እንደሆነ አይናገርም። በደቡብ ሪያድ ያለችው መንፉሓ የወገኖቻችን ሰፈር ሆና ኖራለች፤ በኖቬምበር 2013 ያለ ፈቃድ በሚኖሩ ላይ ዘመቻ ሲጀመር እዚያ ግጭት ተነሥቶ የሰው ሕይወት ጠፍቷል፤ በተከታዮቹ ወራትም ከ160,000 በላይ ኢትዮጵያውያን ከዚህ አገር ወደ ቤታቸው ተመልሰዋል። ከዚያ ሁሉ ሕዝብ መካከል በእጁ የነበረውን ወረቀት አንብቦ የተረዳው ስንቱ ይሆን?

አንዳንድ ጓደኞቻችን «የእነሱ ዓረብኛ የተሰባበረ ነው፤ ከእነሱ ብንማር ይበላሽብናል» ሲሉ ሰምተናል። በከፊል እውነት አላቸው። «አና ማፊ መዕሉም» የሚባለው ዓይነት አነጋገር ከየአገሩ የመጣ ሠራተኛና አሠሪ መሐል ቤት የፈጠሩት ነው፤ ግሱ ባለቤት የለው፣ ጊዜ የለው። ትእዛዝ ለመቀበል ይበቃል፤ ለመከራከር ግን አይበቃም። «ትናንት ከፍለኸኛል፣ ያለፈው ወር ግን አልተከፈለኝም» ለማለት ጊዜና ባለቤት ያለው ግስ ያስፈልጋል። እንግዲህ ያ ግስ ያለው በእኛ ደብተር ውስጥ አይደለምን? ጆሮው፣ ፍጥነቱ፣ ሳሙሊና መፍሩዱ ደግሞ ያለው በእነሱ ዘንድ ነው። ማን ከማን ይማራል የሚለው ክርክር እዚህ ላይ ዋጋ የለውም።

ስለሆነም የምናቀርበው ሐሳብ ይህ ነው። ዓርብ ከዐስር ሶላት በኋላ፣ ከፈተና ሳምንት በቀር፣ ከእኛ ሁለት ሁለት ሰው በተራ ይቀመጥ። መምጣት የሚችል ይምጣ፤ መማሪያ መጽሐፍ አያስፈልግም፤ የውል ወረቀት፣ የመኖሪያ ፈቃድ፣ የሐኪም ማዘዣ፣ ያለው ሁሉ ይዞት ይምጣ፤ ፊደሉን ከዚያ ላይ እናስቆጥራለን። አብዛኞቹ እህቶች የዕረፍት ቀን እንደሌላቸው እናውቃለን፤ እነሱ ወረቀቱን በስልክ ፎቶ አንሥተው ይላኩ፤ እኛ አንብበን በድምፅ እንመልስ። በምላሹ ለእኛ የሰሙትን ይላኩልን፤ ባለቤቲቱ ስትቆጣ ምን አለች፣ ሹፌሩ ምን አለ፣ ባለ ሱቁ ምን አለ። በመጀመሪያው ወር እንደምንሳቅ ከወዲሁ ተቀብለናል።

ባለፈው ዓርብ ሦስት ሰው ሆነን ሞክረነዋል። የመጡት ሁለት እህቶች ነበሩ። አንዷ ዐይን የተባለውን ፊደል አይታ «ይህ እኮ የመንጠቆ አፍ ነው» አለችና ከዚያ በኋላ አልጠፋባትም፤ እኛ ደግሞ «ዊሽ ተብጊን» የሚለውን አሥር ጊዜ ደግመን በአሥራ አንደኛው ተሳካልን። የሚቀጥለው ዓርብ ተራ የሚይዝ ሁለት ሰው ገና አልተገኘም።