ሀብታምና ድሃ በየትኛው ሚዛን ይለያል?

“መካከለኛ ገቢ ያለው የኅብረተሰብ ክፍል” የሚለው ሐረግ ከባለሥልጣናት ንግግር እስከ ባንኮች ማስታወቂያ ድረስ ይሰማል። ይህ ክፍል ማን እንደሆነ ግን ቁርጥ አድርጎ የሚነግረን የለም። ጉዳዩ የቃላት ጨዋታ አይደለም። ግብር የሚጣለው፣ ብድር የሚሰጠው፣ ድጎማ የሚደርሰው በእንዲህ ዓይነቱ መለያ ስለሆነ ሚዛኑ ከተዛባ ፍርዱም ይዛባል። ሚዛኑን ለመፈተን ደግሞ ገንዘብ በወር ሳይሆን በመኸር የሚገባበት የጅማ መርካቶና በዙሪያው ያሉት የቡና ከተሞች፣ እነ አጋሮና ሊሙ ገነት፣ ጥሩ መፈተኛ ናቸው።

በዳግማዊ አባ ጅፋር ዘመን በሄርማታ ገበያ ዙሪያ የሰው ደረጃ የሚታወቀው በመሬት፣ በከብትና በባሪያ ብዛት ነበር። ደርግ በበኩሉ መለኪያውን በሕግ ደነገገው። አዋጅ ቁጥር 31/1967 ጭሰኝነትን ሽሮ የአንድ ቤተሰብ ይዞታ ከ10 ሔክታር እንዳይበልጥ ወሰነ። ከአምስት ወር በኋላ አዋጅ ቁጥር 47/1967 ትርፍ ቤቶችን ወረሰ። ለዘመናት በደል የተሰጠ ምላሽ ነበር። ይሁን እንጂ “አድኃሪ” እና “ንዑስ ከበርቴ” የሚሉት መለያዎች ውለው ሳያድሩ ከኢኮኖሚ ትንታኔ ወጥተው የክስ ቃል ሆኑ። በእነዚህ ስሞች የታሰረውና የተገደለው ሰው ብዙ ነው። መለያ የሚሰጥ አካል ሥልጣን እንደሚይዝ ከዚህ በላይ የሚያስተምረን የለም።

የዛሬው መለኪያ ዓመታዊ ሽያጭ ነው። አዋጅ ቁጥር 286/1994 እስከ 100,000 ብር የሚሸጠውን ነጋዴ ደረጃ “ሐ” ሲለው፣ አዋጅ ቁጥር 979/2008 ወሰኑን ወደ 500,000 ብር አሳደገው። በ2009 ዓ.ም. ክረምት የቀን ገቢ ግምት ሲወጣ በአዲስ አበባና በአንዳንድ የኦሮሚያ ከተሞች ሱቆች እስከመዘጋት የደረሱት በዚሁ ሚዛን ሳቢያ ነው። ለመሆኑ በቡና ከተማ “የቀን ገቢ” ምን ማለት ነው? ገማቹ በኅዳር ቢመጣ ሻይ ቤቱ፣ ጨርቅ ሻጩ፣ ጋሪ ነጂው ሁሉ ሀብታም መስሎ ይታየዋል። በነሐሴ ቢመጣ ደግሞ ያንኑ ሰው በዱቤ ሲኖር ያገኘዋል። ከዚህም ሌላ ሽያጭና ሀብት አንድ አይደሉም። የቡና ሰብሳቢ በእጁ ብዙ ገንዘብ ያልፋል፤ ለእርሱ የሚቀረው ግን በኪሎ የምታገኘው ጥቂት ትርፍ ብቻ ናት።

ሌላው መለኪያ የድህነት መስመር ነው። በ2008 ዓ.ም. ለአንድ አዋቂ ሰው በዓመት 7,184 ብር ሆኖ፣ ከሕዝቡ 23.5 በመቶው ከመስመሩ በታች ተቆጠረ። መሠረቱ በቀን 2,200 ኪሎ ካሎሪ የሚያስገኝ ምግብ ነው። የአፍሪካ ልማት ባንክም እ.ኤ.አ. በ2011 ባወጣው ጥናት በቀን ከ2 እስከ 20 ዶላር የሚያወጣውን ሁሉ መካከለኛ መደብ ብሎ ቆጠረ። ከእነዚህ ውስጥ ከ4 ዶላር በታች የሚያወጡትን ግን ራሱ ባንኩ “ተንሳፋፊ” ብሏቸዋል። አንድ ሕመም ወይም አንድ የዋጋ ውድቀት ወደ ድህነት የሚመልሰውን ሰው መካከለኛ ማለት ራስን ማታለል ነው።

በእኔ እምነት በቡና አገር ሀብታሙን ከድሃው የሚለየው የገቢው መጠን ብቻ ሳይሆን የመጠበቅ አቅሙ ነው። በጎማ ወይም በጌራ ያለ ገበሬ በክረምት ለልጅ ትምህርትና ለቀለብ ተበድሮ ከሆነ፣ ቡናው ገና ሳይደርስ ዋጋው ተቆርጦበታል። በጥቅምት እሸቱን ለቅሞ ያስረክባል። አቅም ያለው ጎረቤቱ ግን ቡናውን አድርቆ ጀንፈሉን ጎተራ ያስገባና ዋጋ እስኪወጣ ይጠብቃል። የሁለቱ ማሳ እኩል ሊሆን ይችላል፤ የደርግ ሚዛን አይለያቸውም። የዓመት ፍጆታቸውም ሊቀራረብ ስለሚችል የድህነት መስመሩም አይለያቸውም። አንደኛው ግን አበዳሪ ሲሆን ሌላው ተበዳሪ ነው። ማክስ ዌበር መደብን ሰው በገበያ ላይ ካለው ዕድል ጋር ያያያዘው ለዚህ ዓይነቱ ልዩነት ነው። ደመወዝተኛው አንባቢም ራሱን በዚሁ ይመዝን፦ ደመወዙ ቢቋረጥ ስንት ወር ይቆያል?

ሕጋችን ይህን ጨርሶ አልዘነጋውም። አዋጅ ቁጥር 372/1996 የመጋዘን ደረሰኝ ሥርዓትን የደነገገው አምራች ምርቱን አስቀምጦ በደረሰኙ መያዣነት እንዲበደር፣ ማለትም መጠበቅ እንዲችል ነው። ይህ መብት በወረቀት ላይ እንዳይቀር መጋዘኑና ባንኩ ለትንሹ ገበሬ መቅረብ አለባቸው። ግብር ገማቹም የቡና ከተማን ነጋዴ በአንድ ሰሞን ገበያ ሳይሆን በሙሉ ዓመት ዑደት ይመዝነው። የቤተሰብ ፍጆታ ጥናትም “ምን በላችሁ?” ከሚለው ጎን “የማን ዕዳ አለባችሁ? ምርታችሁን መቼ ሸጣችሁ?” ብሎ ይጠይቅ። ያለዚያ ድሃውን ሀብታም ብለን ግብር እየጣልንበት፣ ሀብታሙን ደግሞ ድሃ ብለን እየደጎምነው እንቀጥላለን።