አምባሰልን ከአኒሜ ጋር ያጋባው ልጅ ባህል አላጠፋም፤ ስም ግን ይጻፍ!

ወገን! ቲክቶክ የከፈተ ሁሉ ያውቀዋል። የናሩቶ ውጊያ ላይ ሽለላ ተጭኖ፣ አምባሰል ከቢት ጋር ተቀላቅሎ ይመጣል። ከስር ኮሜንቱ ለሁለት ይከፈላል። ግማሹ «እሳት ነው!» ይላል። ግማሹ ደግሞ «ትውልዱ ጠፋ፣ ባህላችንን የካርቱን መጫወቻ አደረጉት» እያለ ይራገማል።

የአገር ጉዳይ ያገባናል የምንል ወጣቶች ዝም ብለን ልናልፈው አይገባም። አቋማችን ግልጽ ነው፤ ልጆቹ አጥፊ አይደሉም። ጥፋቱ ሌላ ቦታ ነው።

መጀመሪያ ነገሩ ጆሮ ላይ ለምን እንደሚገጥም እንይ። ትዝታ፣ ባቲ፣ አምባሰል፣ አንቺሆዬ ሁሉም ባለ አምስት ድምፅ ቅኝቶች ናቸው። የጃፓን የቆየ ዜማም አብዛኛው እንደዚሁ ነው። አምባሰል የሚሄድባቸው ድምፆች ጃፓኖች ሚያኮቡሺ ከሚሉት ስኬል ጋር አንድ ናቸው። ኤንካ የሚባለው ዘፈናቸው ደግሞ ከትዝታ ጋር ይገጥማል። ስለዚህ የሰፈር ልጅ ሁለቱን በስልኩ ሲያጋባ፣ ሙዚቃ ትምህርት ቤት ሳይገባ በጆሮው ትክክለኛውን አገኘ ማለት ነው። ይሄ እውቀት እንጂ ብልግና አይደለም።

«ጃፓን ከእኛ ሰርቃ ነው» የሚለው ጉራ ግን ይቅርብን። አምስት ድምፅ ብዙ ሕዝብ ጋ አለ። የእኛ የሆነው አዘፋፈኑ፣ ግጥሙና የመሰንቆው እንጉርጉሮ ነው።

ጃፓኖቹስ ምን አደረጉ? ናሩቶ እ.ኤ.አ. በ2002 በቴሌቪዥን ሲጀምር፣ አቀናባሪው ቶሺዮ ማሱዳ ሻሚሰንና ሻኩሃቺ የሚባሉትን የአገሩን ክርና ዋሽንት ከሮክ ጊታር ጋር አሰለፋቸው። በ2004 የወጣው ሳሙራይ ቻምፕሉ ደግሞ የድሮ ሳሙራዮችን ከሂፕሆፕ ጋር አገናኘ። ባህላቸውን ሙዚየም ውስጥ አልቆለፉበትም።

ከእነሱ መማርም ለእኛ አዲስ ነገር አይደለም። የ1923 ዓ.ም. ሕገ መንግሥታችን የጃፓኑን የሜጂ ሕገ መንግሥት አርአያ አድርጎ ነው የተጻፈው። ብላቴን ጌታ ኅሩይ ወልደ ሥላሴም ጃፓንን ጎብኝተው «ማኅደረ ብርሃን ሀገረ ጃፓን» የሚል መጽሐፍ ጽፈዋል። አገር ወዳድነታቸውን የሚጠራጠር አለ?

ታዲያ ጥፋቱ የት ነው? ስም ላይ ነው! ዘፈን ቆርጠህ ስትለጥፍ ቲክቶክ «ኦሪጅናል ሳውንድ» ብሎ ያንተን አካውንት ስም ይለጥፍበታል። ዕድሜ ልኩን የዘፈነው ሰው፣ መሰንቆ የመታው ሰው በአንዴ ይጠፋል። ናስና ዴሚያን ማርሊ በ2010 የሙላቱ አስታጥቄን «የግሌ ትዝታ» ሳምፕል ሲያደርጉ የሙላቱን ስም በደራሲነት አስፍረዋል። የውጭ ሰው ያደረገውን እኛ ለራሳችን ሰው ማድረግ ያቅተናል?

ስለዚህ ኤዲት የምትሠሩ ልጆች፣ ሥሩ፣ በርቱ! ግን ካፕሽኑ ላይ ሦስት ነገር ጻፉ፦ የዘፋኙን ወይም የተጫዋቹን ስም፣ ቅኝቱን፣ ዜማው የመጣበትን አካባቢ። ካላወቃችሁ እናት አባቶቻችንን ጠይቁ፤ እነሱ ዛሬም አሉ፣ ነገ ግን ላይኖሩ ይችላሉ።

ተራጋሚዎችም ስድቡን ተዉትና የምታውቁትን ስም ኮሜንት ላይ አስቀምጡ። ስሙ ያልተጻፈ ቅርስ ነገ ባለቤት አይኖረውም።

ሼር ይደረግ!