የታሪኩ መጨረሻ የት ነው?

አያት ተረቷን ጨርሳ አፏን በዳቦ እንዲያብሱላት በጠየቀች ጊዜ፣ ከልጆቹ አንዱ «ከዚያስ ወዲያ ምን ሆነ?» ብሎ መጠየቁ በየቤቱ የተለመደ ነው። በሕንድ አገር ግን አንድ ጊዜ ይህን ጥያቄ የጠየቁት የከተማ መንገድ ጠራጊዎች ነበሩ፤ የጠየቁትም መጥረጊያቸውን አስቀምጠው ነው።

ነገሩ እንዲህ ነው። ራማያና በሂንዱዎች ዘንድ እንደ ቅዱስ መጽሐፍ የሚከበር፣ በግጥም የተደረሰ ጥንታዊ ታሪክ ነው። የአዮድያው ልዑል ራማ ከሚስቱ ከሲታና ከወንድሙ ከላክሽማና ጋር 14 ዓመት በስደት ይኖራል፤ የላንካው ንጉሥ ራቫና ሲታን ይሰርቅበታል፤ ራማም በዝንጀሮዎች ሠራዊትና በኃያሉ በሃኑማን ረዳትነት ራቫናን ገድሎ ሚስቱን ያስመልሳል፤ ወደ አገሩም ተመልሶ ይነግሣል።

ይህንኑ ታሪክ ራማናንድ ሳጋር የተባለው የፊልም አዘጋጅ በተከታታይ ድራማ አቀናብሮት፣ ዱርዳርሻን የተባለው የመንግሥት ቴሌቪዥን ከጥር 17 ቀን 1979 ዓ.ም. ጀምሮ በየእሑዱ ጧት ያሳየው ነበር። በዚያ ሰዓት መንገዱ ሁሉ ጭር ይል ነበር። ቴሌቪዥን የሌለው ከጎረቤቱ ቤት ይሰበሰባል፤ ብዙዎችም ገላቸውን ታጥበው፣ በሣጥኑ ላይ የአበባ ጉንጉን አኑረው፣ ዕጣን አጢሰው በፊቱ ይቀመጡ ነበር።

ድራማው ከራማ ንግሥ ላይ ሊያበቃ በተቃረበ ጊዜ፣ በፑንጃብ በጃላንዳር ከተማ የጽዳት ሠራተኞች ሥራ አቆሙ፤ አድማውም ወደ ሌሎች ከተሞች ተዛመተ። እነዚህ ሰዎች በትውልድ ደረጃ ከሁሉ በታች የተቆጠሩ ሲሆኑ፣ የራማያና ደራሲ የሚባለውን ቫልሚኪን እንደ አባታቸው ያከብሩታል። የመጽሐፉ የመጨረሻ ክፍል፣ ራማ የሕዝቡን ሐሜት ሰምቶ ነፍሰ ጡሯን ሲታን እንዳባረራት፣ ቫልሚኪም በገዳሙ ተቀብሎ እንዳስጠጋት፣ መንታ ልጆቿንም በዚያ እንዳሳደገች ይናገራል። ታሪኩ ከንግሡ ላይ ቢቆረጥ የሲታ እንባና የቫልሚኪ ቸርነት ሳይታይ ሊቀር ነው። ስለዚህ «ታሪኩ አላለቀም» አሉ። ጩኸታቸውም ከንቱ አልቀረም፤ ቀጣዩ ክፍል ተዘጋጅቶ ለሕዝብ ታየ።

እነዚያ ጠራጊዎች ያስተዋሉት ነገር ታላቅ ነው። ታሪክን ከየት ላይ እንደሚያቆሙት መወሰን፣ ማን እንደሚታሰብና ማን እንደሚረሳ መወሰን ነውና። ራማያና በሕንድ አገር በብዙ ቋንቋና በብዙ መልክ ሲነገር የኖረ ነው፤ የካምባን የታሚል ድርሰት ከቱልሲዳስ ድርሰት ይለያል፤ ሁለቱም ከቫልሚኪው ይለያሉ። ሮሚላ ታፓር የተባለችው የታሪክ ሊቅ፣ የመንግሥት ቴሌቪዥን አንዱን አተራረክ ብቻ ለሁሉ ሲያድል ሌሎቹ እንዳይጠፉ መስጋቷን በጊዜው ጽፋለች።

የሣጥኑ ኃይል ምን ያህል እንደ ሆነ ከዚህ ይታወቃል፦ ሲታን ሆና የተጫወተችው ዲፒካ ቺኽሊያ በ1983 ዓ.ም. ለፓርላማ ተመረጠች፤ የሚያስገርመው ግን ጠላትየውን ራቫናን ሆኖ የተጫወተው አርቪንድ ትሪቬዲም በዚያው ምርጫ አብሯት መግባቱ ነው። ራማን የተጫወተው አሩን ጎቪልም በ2016 ዓ.ም. ተመርጧል። በ2012 ዓ.ም. ደግሞ ሕዝቡ በኮሮና ምክንያት ከቤት እንዳይወጣ በታዘዘ ጊዜ ድራማው እንደ ገና ታየ፤ ሚያዝያ 8 ቀን የታየውን ክፍል 77 ሚሊዮን ሕዝብ እንደ ተመለከተው ጣቢያው አስታወቀ። የልጅ ልጆችም አያቶቻቸው ያዩትን ያንኑ ፊት ራማ ብለው ዐወቁ።

ቤተ ሰብን በአንድ ላይ የሚያስቀምጥ ነገር አይናቅም። ነገር ግን ሣጥኑ አንድ ጉድለት አለበት፤ ይኸውም ልጅ «ከዚያስ?» ብሎ ሲጠይቀው አይመልስለትም፤ ሰዓቱ ሲደርስ ያቆማል። አያት ግን ጥያቄውን ሰምታ፣ የተረሳውን አስታውሳ፣ ተረቷን ትቀጥላለች። እንግዲህ በየቤታችን ቴሌቪዥኑ ከተዘጋ በኋላ ለዚያች ጥያቄ ጥቂት ጊዜ እንተውላት፤ ከታሪኩ ውጭ የቀረው ማን እንደ ሆነ የምትገልጥ እርሷ ናትና።