መንደሮቹ ከሰሙ፤ ብድሩ ግን ሠርቷል

በአሜሪካ የተመሠረቱት የአይሁድ ስደተኞች የእርሻ መንደሮች «ከሽፈዋል» የሚል ፍርድ ደጋግሞ ይሰማል። ይህ ፍርድ ግማሽ እውነት ነው፤ ለእኛ የሚጠቅመው ደግሞ የተረሳው ግማሽ ነው።

ዛር አሌክሳንደር 2ኛ እ.ኤ.አ. በ1881 ከተገደሉ በኋላ በሩሲያ ግዛት በአይሁድ ላይ ጥቃት ተነሣ። በ1882 የወጡት የግንቦት ሕግጋት ደግሞ ከከተማ ውጭ አዲስ መኖሪያ እንዳይመሠርቱና መሬት እንዳይገዙ ከለከሏቸው። በአገራቸው የተነፈጉትን መሬት ፍለጋ አሜሪካ ከገቡት መካከል በሉዊዚያና ሲሲሊ አይላንድ የሰፈሩትን በዚያው ዓመት የሚሲሲፒ ጎርፍ አፈናቀላቸው። በኦሪገን የተመሠረተችው ኒው ኦዴሳም ዐሥር ዓመት አልሞላትም። ጽኑ ዓላማ ነበራቸው፤ ዓላማ ብቻውን ግን ጎተራ አይሞላም።

በ1882 በ43 ቤተሰቦች በኒው ጀርሲ የተቆረቆረችው አላያንስ ግን ጸናች። ሰዎቿ ከሌሎቹ የበለጠ ጀግኖች ስለነበሩ አይደለም። የፊላደልፊያና የኒው ዮርክ ገበያ ቅርባቸው ነበር፤ አዝመራው ባልበቃ ጊዜም ልብስ እየሰፉ ኖረዋል። በ1900 የተቋቋመው የአይሁድ የግብርና ማኅበር ደግሞ በየግዛቱ ለተበተኑ ገበሬዎች ባንክ የሚሸሸውን ብድር ሰጠ፤ የእርሻ ባለሙያ ላከ፤ ከ1908 ጀምሮም በዪዲሽ ቋንቋ የገበሬ መጽሔት አሳተመ። በ1911 ገበሬዎቹ ራሳቸው ባዋጡት ገንዘብና ማኅበሩ በጨመረላቸው ብድር የገጠር የብድርና ቁጠባ ማኅበራትን ማቋቋም ጀመሩ።

«እነርሱ እንደ ባሮን ሂርሽ ያለ ባለጸጋ ነበራቸው» የሚል ይኖራል። እውነት ነው። ነገር ግን ምጽዋት አንድ ጊዜ ይበላል፤ የተመለሰ ብድር ለሌላው ይተርፋል። «ልጆቻቸውስ ወደ ከተማ ፈለሱ» ለሚለው መልሴ አጭር ነው፦ የተቋም ዓላማ ቤተሰብን ማቋቋም እንጂ የልጅ ልጅን ከሞፈር ማሰር አይደለም።

እኛ በውጭ የምንኖር ኢትዮጵያውያን መከራ በተሰማ ማግስት ገንዘብ እናሰባስባለን፤ ከወራት በኋላ ግን ገንዘቡ ምን እንዳቆመ የምንጠይቀው ጥቂቶች ነን። በዕቁብ ቃል መጠበቅን የተማረ ሕዝብ ተበድሮ መመለስ አያቅተውም። የጎደለን ለጋስነት አይደለም፤ ከለቅሶው በኋላም በሩን ከፍቶ የሚቆይ አበዳሪ ተቋም ነው። ይህን እስክናቆም ድረስ በሌሎች ላይ «ከሸፉ» ብሎ ለመፍረድ አንቸኩል።