ጎሉን ስንቆጥር ድካሙንም እንቁጠር

በአቃቂ ቃሊቲ ኳስ የሚችል ታዳጊ እረፍት የለውም። በሳምንቱ መሀል ለትምህርት ቤቱ ይጫወታል፣ ቅዳሜ ለሰፈሩ ይሰለፋል፣ እሁድ ጠዋት ደግሞ ሌላ ቡድን ይፈልገዋል። ሜዳው ጠጠር ነው። ጉልበቱን ሲያመው ወጌሻ ያሸዋል፣ ፋሻ ይጠመጠምለታል፣ ተመልሶ ይገባል። “ልጁ ብረት ነው!” ይባላል። የፋብሪካ ሰፈር ሰው ግን ብረትም ሲበዛበት እንደሚሰበር ያውቃል።

ነገሩን ለመረዳት እኛ ዘንድ እምብዛም ከማይታወቅ ስፖርት፣ ከአሜሪካ ቤዝቦል፣ አንድ ታሪክ ማንሳት ይጠቅማል። በቤዝቦል ኳሱን ለመቺው የሚወረውረው ተጫዋች ፒቸር ይባላል። የቡድኑ ዕጣ በአብዛኛው በእሱ ክንድ ላይ ነው።

ማርክ ፊድሪች እ.ኤ.አ. በ1976 ለዲትሮይት ታይገርስ መወርወር ሲጀምር 21 ዓመቱ ነበር። ሜዳ ላይ ኳሷን ያናግራታል፣ ተንበርክኮ የሚቆምበትን አፈር በእጁ ያስተካክላል። በልጆች የቴሌቪዥን ፕሮግራም ላይ ያለውን ትልቁን ወፍ ይመስላል ተብሎ “ወፉ” የሚል ቅጽል ስም ወጣለት። ጁን 28 ኒውዮርክ ያንኪስን 5 ለ 1 ሲረታ ጨዋታው በመላ አገሪቱ በቴሌቪዥን ተላለፈ። በአንድ ምሽት አገር አወቀው። በዚያ ዓመት 19 ጨዋታ አሸንፎ በ9ኙ ብቻ ተሸነፈ፤ የዓመቱ ምርጥ አዲስ ተጫዋችም ተባለ። እሱ ሲጫወት ስታዲየሙ ይሞላል።

ታዲያ እንዲህ ያለውን ልጅ ማን ያሳርፈዋል? ከጀመራቸው 29 ጨዋታዎች 24ቱን ሳይቀየር እስከ መጨረሻው የወረወረው እሱ ራሱ ነው።

በ1977 ዓመቱ ገና ሲጀምር ልምምድ ላይ ኳስ ለመያዝ ሲዘል ጉልበቱ ተጎዳ። ተሻለው ተብሎ ተመለሰ፤ በጁላይ ደግሞ ክንዱ ከዳው። ከዚያ ወዲያ የድሮው ፊድሪች አልታየም። በ1980 በትልቁ ሊግ ለመጨረሻ ጊዜ ተሰለፈ። በድምሩ 58 ጨዋታ፣ 29 ድል። አለቀ። በታችኛው ሊግ እስከ 1983 ቢታገልም አልሆነለትም።

ክንዱን የጎዳው ብዙ መወርወሩ ነው ወይስ የጉልበቱ ጉዳት? ሁለቱም ይባላል። የማያከራክረው ግን ሌላ ነው። የትከሻው ጅማት መቀደዱ በምርመራ የታወቀው በ1985 ነው። ኳስ ካቆመ በኋላ ማለት ነው! ፊድሪች ወደ ትውልድ ግዛቱ ማሳቹሴትስ ተመልሶ እርሻ ያዘ፣ የገልባጭ መኪና ሹፌርም ሆነ። በ2009 ከመኪናው ሥር ገብቶ ሲሠራ በደረሰበት አደጋ በ54 ዓመቱ አረፈ።

አሜሪካኖቹ ዘግይተውም ቢሆን መቁጠር ጀምረዋል። ሊትል ሊግ የተባለው የልጆች ውድድር ከ2007 ጀምሮ ውርወራን በቁጥር ገድቧል። የ12 ዓመት ልጅ በቀን ከ85 በላይ አይወረውርም። ከ66 በላይ ከወረወረ 4 ቀን ማረፍ ግዴታው ነው። አሰልጣኙ ቢለምንም፣ ልጁ ቢያለቅስም ሕጉ ሕግ ነው።

“እኛ በእግር ነው የምንጫወተው” የሚል አይጠፋም። ጉልበትና ቁርጭምጭሚት ግን ከክንድ የበለጠ ብረት አይደሉም። ፊፋ ራሱ 11 ፕላስ የሚባል፣ 20 ደቂቃ ገደማ የሚወስድ ጉዳት መከላከያ ማሟሟቂያ አለው። ውድ መሣሪያ አይጠይቅም።

ስለዚህ በአቃቂ ቃሊቲ የታዳጊ ውድድር የሚያዘጋጁ ሁሉ አንድ ደብተር ይክፈቱ። ልጁ በሳምንት ስንት ጨዋታ ተጫወተ? መቼ አረፈ? የት ቦታ አመመው? ጉልበቱ ያበጠ ልጅ ሐኪም ሳያየው አይሰለፍ። ወጌሻ የኳሳችን ባለውለታ ነው፤ የተቀደደ ጅማት ግን በእሽት አይገጥምም። “በጀት የለም” የሚለው መልስም እዚህ ላይ አይሠራም፤ ደብተርና እስክሪብቶ የስንት ብር ዕቃ ነው?

ደጋፊም ድርሻ አለው። እያነከሰ የወጣን ልጅ “አስገባው! አስገባው!” ብሎ መጮህ ፍቅር አይደለም።

ፊድሪች ቢያንስ አንድ ዓመት አገር አይቶታል። በአቃቂ ጠጠር ላይ በ16 ዓመቱ ጉልበቱ የሚያልቅ ልጅ ግን ያቺን አንድ ዓመት እንኳ አያገኛትም። የክለብ መልማይ ሊያየው ሲመጣ እሱ ከሜዳው ዳር ቆሞ ተመልካች ሆኗል።